ከቸርችል ጎዳና እስከ ስድስት ኪሎ፤ የሠዓሊው የገብረ ክርስቶስ ደስታ ሕይወት

እሑድ ጧት ከማዘጋጃ ቤቱ ደጃፍ ቆሞ ቸርችል ጎዳናን ቁልቁል የሚመለከት ሰው፥ ዐይኑ ሽቅብ ቁልቁል ሳይል በቀጥታ እስከ ለገሃር ባቡር ጣቢያ ይወርዳል። ጎዳናው ስሙን ያገኘው ከእንግሊዙ ጠቅላይ ሚኒስትር ከዊንስተን ቸርችል ይሁን እንጂ፥ መልኩን የሰጡት መሐንዲሶችና ቀራጮች ናቸው። ከላይ ያለውን የማዘጋጃ ቤት ሕንፃ የነደፈው ኢጣልያዊው አርቱሮ ሜዜዲሚ ነው። ከዚያ ጥቂት እልፍ ብሎ ባለው በአራዳው ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ የአፈወርቅ ተክሌ ሥዕሎች አሉ። ወደ ታች ሲወረድ ደግሞ፥ በ1948 ዓ.ም. ለኢዮቤልዩው በዓል በተመረቀው ቲያትር ቤት ፊት ለፊት፥ ፈረንሳዊው ሞሪስ ካልካ የቀረጸው የድንጋይ አንበሳ ቆሟል።

ይህን ጎዳና ባለፈው እሑድ በእግሬ የወረድኩት ከአንድ ወዳጄ ጋር ነበር። ወዳጄ ከዩኒቨርሲቲ አብሮኝ የወጣ፥ ዛሬ በአንድ መሥሪያ ቤት ደብዳቤ ሲያረቅቅና ሲያስፈርም የሚውል ትጉህ ሠራተኛ ነው። ሥዕል ይወዳል ለማለት አልደፍርም፤ ጠላቱም አይደለም። ነገር ግን በጨዋታ መካከል ያነሣው ሐሳብ ይህን ጽሑፍ አስጻፈኝ። እንደ እርሱ አባባል እኛ ኢትዮጵያውያን የራሳችን ብለን የምንጠራው ሥዕል ሁለት ዓይነት ብቻ ነው። አንደኛው የቤተ ክርስቲያን ሥዕል ነው፤ ሁለተኛው በዚሁ በቸርችል ጎዳና ግራና ቀኝ የነበሩት የስጦታ ዕቃ ሱቆች ለብዙ ዓመታት ለአገር ጎብኚ ሲሸጡት የኖሩት፥ በፍየል ቆዳና በሸራ ላይ የተሣለው ሥዕል ነው። ከዚህ የወጣው፥ ዘመናዊ የሚባለው ግን ከፈረንጅ የተቀዳ፥ ራስና እግሩ የማይታወቅ የቀለም ጭፍጫፊ ነው ሲል ፈረደ።

ስለ ሱቆቹ ሥዕል ያለው ከእውነት የራቀ አይደለም። የንግሥተ ሳባን ታሪክ በ44 ትናንሽ ክፍሎች ከፍሎ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ የሚተርከው ሥዕል፥ ማንበብ ለማይችለውም ሰው መጽሐፍ ሆኖ ያገለገለ፥ የሚደነቅ ሥራ ነው። እኔም ሥዕሉን አላንቋሽሽም። ነገር ግን ክርክሩን በክርክር ከመመለስ ይልቅ፥ ከቲያትር ቤቱ በር ታክሲ ይዘን ስድስት ኪሎ ብንሄድ ይሻላል ብዬ ወዳጄን እጁን ያዝኩት። ምክንያቱም ጎዳናውን ከላይ እስከ ታች ስንወርድ፥ የዚህን ክርክር መልስ በሕይወቱ የሰጠውን ሰው እጅ የሚያሳይ አንድም ግድግዳ አላየንም። የእርሳቸው ሥራ ያለው ከሰማዕታት ሐውልት ብዙም ሳይርቅ፥ በስማቸው በተጠራው በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም ነው። ሰውዬው ሠዓሊና ባለቅኔ አቶ ገብረ ክርስቶስ ደስታ ናቸው።

ጉብኝቱ አጭር ነበር፤ ከአንድ ሰዓት አላለፈም። አስጎብኚያችን ወጣት ነው፤ ከሥዕል ወደ ሥዕል እየመራ ዓመቱንና ርእሱን ይነግረናል፥ ጥያቄ ሲመጣም አይሸሽም። አብረውን ሁለት ተማሪዎች ነበሩ። በእንዲህ ያለ ጉብኝት የሚገኘው ነገር፥ አንድ ሰው ዘመናዊ ሥዕልን ወደ አገራችን አስገባ የሚል አንድ ዐረፍተ ነገር ነው። ዐረፍተ ነገሩ ትክክል ነው፤ ግን ሰውየውን ያስቀረዋል። እኔም ከዚያ ከወጣሁ ወዲህ የሰበሰብኩትን ለአንባቢ ላቅርብ።

አቶ ገብረ ክርስቶስ በ1924 ዓ.ም. በሐረር ከተማ ተወለዱ። አባታቸው አለቃ ደስታ ነጎ የቤተ ክህነት ሰው ሲሆኑ፥ የብራና መጻሕፍትን በሥዕል የሚያስጌጡ ነበሩ። አንባቢዬ ይህን ነገር በልቡ እንዲይዝልኝ እለምናለሁ፤ ኋላ እመለስበታለሁና። ሕፃኑ ቀለም ሲበጠበጥና ብራና ሲዳመጥ ለማየት ከቤቱ መውጣት አላስፈለገውም ማለት ነው። እናታቸውን ግን በሕፃንነታቸው በሞት ተነጠቁ።

ትምህርታቸውን በሐረር ጀምረው ወደ አዲስ አበባ መጡና በኮተቤው የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤትና በጄኔራል ዊንጌት ተማሩ። ከዚያም የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ገቡ። የገቡት ግን ለሥዕል አይደለም፤ ያን ጊዜ በአገሩ የሥዕል ትምህርት ቤት የሚባል አልነበረምና የግብርና ትምህርት ለመከታተል ነበር። ግብርናውን አቋርጠው ወጡ። ዛሬ ይህን የሚያነብ ተማሪ ነገሩ ቀላል መስሎ ሊታየው ይችላል፤ ነገር ግን ኮሌጅ የገባ ሰው በጣት በሚቆጠርበት፥ ተመራቂ ሁሉ መሥሪያ ቤት ይጠብቀው በነበረበት በዚያ ዘመን፥ የተረጋገጠ እንጀራን ትቶ ለሥዕል መውጣት በዘመድ አዝማድ ዘንድ ምን ተብሎ እንደሚተረጎም ለማሰብ ብዙ ምርምር አያሻውም።

በ1949 ዓ.ም. መጨረሻ ገደማ፥ በአውሮጳ አቆጣጠር በ1957፥ የነጻ ትምህርት ዕድል አግኝተው ወደ ምዕራብ ጀርመን ኮሎኝ ከተማ ሄዱ፤ በዚያም የኪነ ጥበብ ሙያ ትምህርት ቤት ገቡ። ይህች ከተማ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በቦምብ ፈራርሳ፥ ታላቁ ካቴድራሏ ብቻ በፍርስራሹ መካከል ቆሞ የቀረ ከተማ ነበረች። አቶ ገብረ ክርስቶስ በደረሱበት በዚያው ዓመት፥ የከተማዋ ታላቅ የሥዕል ሙዚየም ቫልራፍ ሪሻርትስ አዲስ ሕንፃ ተሠርቶለት ተከፍቶ ነበር። በውስጡም ዮሴፍ ሐውብሪሽ የሚባል የሕግ ጠበቃ በአውሮጳ 1946 ዓ.ም. ለከተማው ያበረከታቸው ሥዕሎች ተሰቅለው ነበር።

ስለ እነዚህ ሥዕሎች ጥቂት መናገር ያስፈልጋል። የሂትለር መንግሥት የጀርመን ዘመናውያን ሠዓሊዎችን ሥራ የተበላሸ ዘር ጥበብ ብሎ ሰይሞ፥ በሺህ የሚቆጠሩትን ከየሙዚየሙ አስወገደ። በ1937 በሙኒክ ከተማ ሕዝብ እንዲስቅባቸው ብሎ ለማዋረጃ ኤግዚቢሽን አቀረባቸው። ክሱ ምን ነበር ቢባል፥ ሥዕሎቹ ሰውን በእውነተኛ መልኩ አያሳዩም፥ የአገሩን መንፈስ አይገልጹም፥ ከባዕድ የመጡ ናቸው የሚል ነው። ጠበቃው ግን በዚያ ክፉ ዘመን እንደነዚህ ያሉትን ሥዕሎች ከመሰብሰብ አልተመለሰም። ጦርነቱ እንዳበቃ ሁሉንም ለከተማው ሰጠ። እንግዲህ ከሐረር የሄደው ወጣት ሥዕል ሲማር የኖረው፥ ሥዕል የአገሩን መንፈስ አይገልጽም ብሎ መክሰስ የት ድረስ እንደሚያደርስ በገዛ ዐይኑ ባየ ሕዝብ መካከል ነው። ያ ሕዝብ ቀለሙን እንደ ጩኸት፥ መስመሩን እንደ ቁስል አድርገው የሚሠሩትን ሠዓሊዎች እንደገና ከፍ ባለ ክብር ሰቅሏቸው ነበር።

አቶ ገብረ ክርስቶስ ትምህርታቸውን በመልካም ውጤት ጨርሰው፥ በዚያው በኮሎኝም ሥራቸውን ለሕዝብ አሳይተው፥ በ1954 ዓ.ም. መጨረሻ ገደማ ወደ አገራቸው ተመለሱ። አዲስ አበባም ከሄዱበት ጊዜ ተለውጣ ጠበቀቻቸው። ሠዓሊው አለ ፈለገ ሰላም በአሜሪካ ቺካጎ ተምረው መጥተው በ1950 ዓ.ም. የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት አቋቁመው ነበር። የአፍሪካ አዳራሽ ተሠርቶ፥ የአፈወርቅ ተክሌ 150 ካሬ ሜትር የሚሆን የመስታወት ሥዕል በመስኮቱ ላይ በርቶ ነበር። ቸርችል ጎዳናም አዳዲስ ሕንፃዎች እየበቀሉበት ነበር። አቶ ገብረ ክርስቶስ በሥነ ጥበብ ትምህርት ቤቱ መምህር ሆኑ፤ በ1955 ዓ.ም. ሥራቸውን በአዲስ አበባ ለሕዝብ አቀረቡ።

ያ ትርኢት ከተማውን በሁለት ከፈለው ቢባል የተጋነነ አይሆንም። ሕዝቡ ሥዕል ሲያይ የለመደው ጥያቄ ይህ ማን ነው፥ ምን እያደረገ ነው የሚል ነው። ቅዱስ ጊዮርጊስ ከሆነ ዘንዶውን ይወጋል፤ ንጉሡ ከሆነ በዙፋኑ ተቀምጧል። በእነዚህ ሥዕሎች ፊት ግን ጥያቄው መልስ አጣ። አንዳንዶቹ መስመርና ቀለም ብቻ ነበሩ። ረቂቅ ሥዕል የሚለው ስም ራሱ ለአብዛኛው ሰው አዲስ ነበር። የሥልጣኔ እርምጃ ነው ብለው ያመሰገኑ ነበሩ፤ ከአውሮጳ የተኮረጀ፥ ኢትዮጵያዊነት የሌለው ነው ብለው የነቀፉም አልጠፉም።

እዚህ ላይ ስለዚያ አንበሳ አንድ ነገር ሳልናገር ማለፍ አልችልም። በቲያትር ቤቱ ፊት ያለውን የካልካን አንበሳ ልብ ብሎ የተመለከተ ሰው፥ ድንጋዩ የአንበሳ ፎቶግራፍ አለመሆኑን ይረዳል። ጋማው ጠጉር አይደለም፥ ተደርድሮ የተቀረጸ ቅርጽ ነው፤ አካሉም ተቆርጦና ተጠርቦ ወደ ጥቂት መስመሮች ተመልሷል። ያም ቢሆን የከተማው ሕዝብ አንበሳ መሆኑን ተቀብሎ፥ ቀጠሮ እየሰጠበት፥ ፎቶግራፍ እየተነሣበት ኖሯል። የቀረጸው ፈረንሳዊ ነው፤ ኢትዮጵያዊነት የለውም ብሎ የከሰሰው ሰው ግን አልሰማሁም። የሐረሩ ልጅ ይህኑ ነገር በሸራ ላይ ሲሠራ ነው የዜግነት ወረቀት የተጠየቀው። ይህ ነገር ለእኔ እስከ ዛሬ እንቆቅልሽ ነው።

የሥራቸውን ዓይነት ለመረዳት በ1955 ዓ.ም. ገደማ የሣሉትን ጎልጎታ የተባለውን ሥዕል ማንሣት ይበቃል። ስቅለትን በቤተ ክርስቲያን ያላየ ኢትዮጵያዊ የለም። በዚያ ክርስቶስ በመስቀል ላይ ነው፤ እመቤታችንና ዮሐንስ በግራና በቀኝ ቆመዋል፤ ፀሐይና ጨረቃም ከላይ አሉ። ሁሉም በየስፍራው ነው። በጎልጎታ ግን ይህ ሥርዓት ፈርሷል። ሥዕሉን የሞላው ቀይ ነው፤ በዚያ ቀይ መካከል አንድ የተሰባበረ አካል አለ። ታሪኩን ሥዕሉ አይነግርህም፥ ታሪኩን አስቀድመህ ታውቀዋለህና። የሚሰጥህ የታሪኩን ሕመም ብቻ ነው። ይህን ያዩ ሰዎች የእምነት ድፍረት ነው ቢሉ አይፈረድባቸውም፤ እኔ ግን ስቅለትን ከልጅነቴ ጀምሮ ሳየው ኖሬ፥ ምስማር የሚያም ነገር መሆኑን ያሰብኩት በዚህ ሥዕል የተነሣ ነው።

አሁን ወደ አባታቸው ወደ አለቃ ደስታ ልመለስ። የብራና መጻሕፍትን ገልጦ ያየ ሰው በገጹ ራስና ጎን የሚሳበውን ሐረግ ያውቀዋል። እርስ በርሱ የተጠላለፈ፥ በቀይ፥ በቢጫና በሰማያዊ የተሞላ መስመር ነው። ሐረግ ማን ነው ተብሎ አይጠየቅም፤ ምን እያደረገ ነው ተብሎም አይጠየቅም። ታሪክ አይናገርም፥ ሰውም አያሳይም። ደብተራዎች ለፈውስ ብለው በረጅም ክታብ ላይ የሚሥሉትም ጠልሰም ብዙውን ጊዜ ዐይንና የተቆላለፈ ቅርጽ ብቻ ነው። እንግዲህ ታሪክ የማይናገር መስመርና ቀለም ለዚህ አገር ባዕድ ነው የሚለው ክስ ከየት እንደመጣ አላውቅም፤ የአያቶቻችንን መጻሕፍት ገልጦ ከማየት እንዳልመጣ ግን ግልጽ ነው።

ሆኖም እውነቱን ለመናገር፥ አቶ ገብረ ክርስቶስ ራሳቸው በዚህ ክርክር አልተመኩም። ከፓሪስ በ1958 ዓ.ም. ገደማ ተመልሰው በዚያው ትምህርት ቤት ለጥቂት ዓመታት ያስተማሩት እስክንድር ቦጎሲያን ጠልሰሙንና የብራናውን ቅርጽ ወደ ሸራቸው አምጥተው አዲስ ነገር ሠሩበት። የአቶ ገብረ ክርስቶስ መንገድ ሌላ ነበር። ለእርሳቸው ሠዓሊ የዘመኑና የዓለሙ ልጅ ነው፤ ኢትዮጵያዊ የሣለው ሥዕል ኢትዮጵያዊ መሆኑን ለማስረዳት መስቀልና ጋሻ መጨመር አያስፈልገውም ብለው ያምኑ ነበር። ከሁለቱ የትኛው ይበልጣል ብሎ መፍረድ የእኔ ሥራ አይደለም። ተማሪዎቹ ግን ዕድለኞች ነበሩ፤ በአንድ ቤት ሁለቱንም አገኙ። ዘሪሁን የትምጌታንና ወሰኔ ኮስሮፍን የመሳሰሉት፥ ስማቸው ከአገር ውጭ የተጠራ ሠዓሊዎች ከዚያ ትምህርት ቤት የወጡ ናቸው።

መንግሥትም ዝም አላለም። በአውሮጳ አቆጣጠር በ1965 የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ሽልማት ድርጅት የሥነ ጥበብን ሽልማት ለአቶ ገብረ ክርስቶስ ሰጠ፤ ምክንያቱም ይህን ረቂቅ የሥዕል ዓይነት ወደ ኢትዮጵያ በማስገባታቸው ነበር። ከዚያ በፊት በነበረው ዓመት የተሸለሙት አፈወርቅ ተክሌ ናቸው። የሁለቱ ዕድሜ ተቀራራቢ፥ ዕጣቸው ግን የተለያየ ነበር። የአንደኛው ሥራ በአዳራሽና በካቴድራል መስኮት ላይ ዘላለማዊ ቦታ አገኘ፤ የሁለተኛው በሸራ ላይ ቀረ። ሸራ ደግሞ ይጠቀለላል፥ ይጓዛል፥ ይጠፋልም።

ስለ ባለቅኔነታቸው የምናገረው ጥቂት ነው፤ ነገሩ ጥቂት ሆኖ ሳይሆን ለብቻው ሌላ እሑድ የሚፈልግ በመሆኑ ነው። ሀገሬ የተባለውን ግጥማቸውን ተማሪ ሁሉ ያውቀዋል፤ የጻፈው ሰው ሠዓሊ መሆኑን የማያውቁ ግን ብዙ ናቸው። ወዳጄም አላወቀም ነበር። ስንኞቻቸው እንደ ሥዕላቸው ከተለመደው ቤት አመታትና ልክ እየወጡ የሚሄዱ ናቸው። በሕይወት ሳሉ መጽሐፍ ሆነው አልታተሙላቸውም፤ መንገድ ስጡኝ ሰፊ በሚል ርእስ ተሰብስበው የወጡት በ1998 ዓ.ም. ነው። ከሞቱ ሃያ አምስት ዓመት በኋላ መሆኑ ነው።

የ1966 ዓ.ም. ለውጥ ሲመጣ አቶ ገብረ ክርስቶስ የአርባ ዓመት ጎልማሳ፥ በሙያቸው የበሰሉ መምህር ነበሩ። የተከተሉት ዓመታት ለማንም ቀላል አልነበሩም፤ ሥዕል ማን ነው፥ ምን እያደረገ ነው የሚለው አሮጌ ጥያቄም በአዲስ ልብስ፥ ለማን ያገለግላል ተብሎ ተመለሰ። በ1970ዎቹ መግቢያ ገደማ አገራቸውን ለቀው ወጡ። ብዙ ሥዕሎቻቸው በጀርመን አገር ቀሩ፤ እርሳቸው ግን በስደተኛነት አሜሪካ ገቡና ኦክላሆማ በሚባለው ክፍለ ግዛት በሎተን ከተማ ተቀመጡ። ሎተን ፎርት ሲል በተባለው የመድፈኞች ጦር ሰፈር አጠገብ የምትገኝ፥ በሜዳ ላይ ያለች ከተማ ናት። ኮሎኝን ላወቀ፥ አዲስ አበባ ላይ ተማሪዎችን ላፈራ ሠዓሊ ምን ያህል ሩቅ እንደነበረች ካርታ ያየ ሰው ይፍረድ። በዚያም ብዙ ሳይቆዩ፥ በመጋቢት ወር 1973 ዓ.ም.፥ ሃምሳ ዓመት ሳይሞላቸው ዐረፉ። ያች አገሬ ብለው የዘመሩላት አገር በሕይወት ሳሉ መልሳ አላየቻቸውም።

ሥዕሎቹ ግን ተመለሱ። በጀርመን ተጠብቀው የነበሩት ሥራዎቻቸው በአውሮጳ አቆጣጠር በ2008 ሙዚየሙ ሲከፈት ወደ አዲስ አበባ መጡ። ከሃያ ዓመት በላይ ባዕድ አገር የተቀመጠ ሥዕል፥ ኢትዮጵያዊነት የለውም ተብሎ የተነቀፈ ሥዕል፥ በመጨረሻ የኢትዮጵያ ዩኒቨርሲቲ ንብረት ነው ተብሎ በክብር ተሰቀለ። የቦታው ጠባይ ደግሞ ተማሪ የሚያበዛ ነውና፥ ከንጉሣዊው ሽልማት ይልቅ ይህ ሳያስደስታቸው አይቀርም ነበር ብዬ እገምታለሁ።

ወደ ጉብኝታችን ልመለስ። አስጎብኚው ከፊታችን ካለው ረቂቅ ሥዕል አጠገብ ቆሞ ሲናገር፥ ከተማሪዎቹ አንደኛዋ ይህ ሥዕል ምንድር ነው ብላ ጠየቀችው። ልጁ አላፈረባትም፤ ትርጉምም አልፈጠረላትም። መጀመሪያ የት ላይ ዐይንሽ አረፈ፥ ከዚያስ ወዴት ሄደ ብሎ መልሶ ጠየቃት። ልጅቱ ጥቂት ዝም ብላ ቆየችና በጣቷ ከአንዱ ማዕዘን ወደ ሌላው መስመር አወጣች። ወዳጄ ይህን ጊዜ እጁን ወደ ኋላ አጣምሮ ቆሞ ነበር፤ ደብዳቤ እንደሚያነብ ሰው ቅንድቡን ሰብስቦ። ምን እንዳሰበ አልጠየቅሁትም።

ከሙዚየሙ ስንወጣ ቀትር ሆኖ ነበር። ወዳጄ ምሳ ሳንበላ አንድ ነገር እናድርግ አለና፥ በታክሲ ተመልሰን ቲያትር ቤቱ በር ወረድን። እዚያም ከአንበሳው ፊት ቆሞ፥ ብዙ ዓመት በሥራ መንገዱ ሲያልፈው የኖረውን ድንጋይ ከእግሩ እስከ ጋማው በዝግታ ማየት ጀመረ። ፎቶግራፍ አንሺዎቹ ደንበኛ መስሏቸው ተጠጉ፤ በእጁ ምልክት መለሳቸው። እኔም እርቦኝ ስለነበር በጎን በኩል ካለው ጥላ ሥር ቁጭ ብዬ ጠበቅሁት።